ከአባባ የተቆረጠችው ሥጋ

ይድረስ ለወንድሜ ለሙአዊያ፣

አሰላሙ ዐለይኩም ወረሕመቱላሂ። ከነልጆችህ እንደምን ሰነበትክ? የእማማ ጉልበት በረታ ወይስ አሁንም ተቀምጣ ነው የምትሰግደው? ጦርነቱ ካለፈ ወዲህስ እንቅልፍ ወሰዳችሁ? እኔ አልሐምዱሊላህ ደኅና ነኝ፤ ሐዘኑ ግን እንደ አዲስ ይነሳብኛል።

ባለፈው ደውለህ ያቺን ሥጋ ባልቀብራት አባባ ይድኑ ነበር ወይ ስትለኝ ስልኩ የተዘጋው ኔትወርክ ጠፍቶ አይደለም። ራሴ ነኝ የዘጋሁት። በቃሌ አልችለውም ብዬ ይኸው ጻፍኩልህ።

ደሴ ላይ አባባን ያያቸው ሐኪም ከሽንት ፊኛቸው ቆርጦ በብልቃጥ የሰጠህ አዲስ አበባ ለምርመራ እንድታደርስ ነበር። መንገዱ ተዘጋ፤ እናንተ ያላችሁበት ሐይቅ ከተማም በጦርነቱ ተያዘ። አንተም ከሰው ገላ የተለየ ሥጋ አፈር ይገባዋል ብለህ በነጭ ጨርቅ ጠቅልለህ ከማሳችን ጥግ ቀበርካት። አባቱን የሚያከብር ልጅ የሚያደርገውን ነው ያደረግከው። አባባ በወሩ አረፉ። እኔ ለቀብራቸው አልደረስኩም፤ ስልክ እስኪከፈትም መርዶውን አልሰማሁም።

ይድኑ ነበር ወይ ላልከኝ፣ እውነቱን ልንገርህ፣ አላውቅም። በሽታው ደግ ይሁን ክፉ የምትናገረው ያቺው ቁራጭ ነበረች። ክፉ ነው ብትልስ በዚያ ሰሞን ማን ያክማቸው ነበር?

ጥፋት ከተቆጠረ የእኔ ይብሳል። ምን እንደምማር ስትጠይቁኝ ላቦራቶሪ ነው እያልኩ ሦስት ዓመት አለፍኩ። ሐኪም ከሆንኩ በኋላ የያዝኩት ትምህርት ግን የኩላሊት፣ የሽንት ፊኛና የወንዶች ዕጢ ሥጋ በማይክሮስኮፕ መመርመር ነው። ይህን ሴት ልጅ ላባቷ እንዴት ትናገራለች ብዬ አፈርኩ። እሳቸውም ደም መሽናታቸውን ለሴት ልጅ አይነገርም ብለው ዓመት ሙሉ ደበቁኝ። አሁን ጀማሪ ሐኪሞችን ሳስተምር በስስ ተቆርጦ ቀለም የተቀባ የሰው አባት ሥጋ ከፊታችን ይቀርባል። ይህ ካንሰር ነው፣ ይህ አይደለም እያልኩ አሳያለሁ። ለሰው ሁሉ የደረስኩ ለአባቴ አልደረስኩም። የጎዳን እፍረታችን ነው ወንድሜ፤ ሸክሙን ለብቻህ አትያዘው።

የእማማን ጉልበት ሳምልኝ። ለባለቤትህ ለኡሙሀኒ፣ ለልጆችህም ሰላምታዬ ይድረስ። ጎረቤታችን ጋሽ አራጋው ተኩስ እየተሰማ የአባባን ጀናዛ ስለተሸከሙልን አላህ ውለታቸውን ይክፈልልኝ። አጎታችንን ዘይኑልአቢዲንን ግን ሰላም ብለህ ብቻ አትለፋቸው። እሳቸውም ሽንት እያጣደፋቸው ሶላታቸውን እንደሚያቋርጡ እማማ ነግራኛለች። የኢንሳፍ ትምህርት የሽንት ፊኛና የወንዶች ዕጢ ምርመራ ነው ብለህ ሳታፍር ስሙን ጠርተህ ንገራቸው። አፍረው ዝም ካሉ ለእኔ ደውለህ ስልኩን ስጣቸው። አባባን ያልጠየቅኳቸውን እሳቸውን እጠይቃለሁ።

እኅትህ ኢንሳፍ ሙሐመድሁሴን
አዲስ አበባ፣ የካቲት 9 ቀን 2014 ዓ.ም.