የአያቴ ዘፈን ከዲስክ ወደ ስልክ

ማክሰኞ

የሠርጌን ዲስክ ዋጠና ዝም አለ፣ ያ አሮጌ የዲቪዲ ማጫወቻችን። ባሌ ጀማል በቢላ ጫፍ አፉን ፈልቅቆ ነው ያወጣልኝ። «ከሠርጋችን ወዲህ የሠራበትን ቀን አላስታውስም» እያለ ይስቃል። እኔ አልሳቅሁም።

እሑድ እኅቴ ሰሚራ ትዳራለች። እማዬ ደግሞ ወደ እኔ እያመለከተች ምላለች፦ «እናቴ በሐያት ሠርግ ያወጣችው ዘፈን ሳይዘፈን ሰሚራ ከዚህ ቤት አትወጣም!» አያቴ፣ አላህ ይዘንላቸው፣ ከሞቱ ቆዩ። ዜማውን ሁላችንም እናውቀዋለን። ግጥሙን ግን የሚያስታውስ የለም። ያለው እዚህ ዲስክ ላይ ብቻ ነው።

ወረታ ከተማ ያሉት የአክስቴ ልጆች ደውለው «በስልካችን ላኪልንና እናጥናው» አሉ። «እስከ ሐሙስ ይደርሳችኋል» አልኋቸው። ምን አጣደፈኝ?

ረቡዕ

የቢሮዬ ኮምፒውተር ዲስክ ማስገቢያ የለውም። የቤታችን ላፕቶፕም የለውም። እስከ ዛሬ ልብ ብዬ አላየሁትም ነበር።

ከሥራ ስወጣ ፎቶ ቤቶቹን ዞርሁ። አንዱ «ዲስክ? እሱ እኮ ቀረ፣ እኅቴ» ብሎ አዘነልኝ። ሌላው «ትተሽው ሂጂ፣ በወሩ መጨረሻ ነይ» አለ። ሙሽራዋ በወሩ መጨረሻ ልጅ ልታረግዝ ትችላለች እኮ!

ተስፋ ቆርጬ ጣና ሐይቅ ዳር ተቀምጬ ሳለ አበባው ደወለ፣ ጠዋት ችግሬን የነገርሁት የቢሮ ባልደረባዬ። በገመድ ላፕቶፕ ላይ የሚሰካ የዲስክ ማንበቢያ ሚስቱ ከሠርግ ጫማዋ ካርቶን ውስጥ አግኝታለች። በባጃጅ በረርሁ።

ሰካሁት፣ ተሽከረከረ። ዲስኩ ላይ የጣት አሻራ ሞልቷል። ከጀማል ሱቅ በመጣ ለስላሳ ጨርቅ ከመሐል ወደ ዳር ጠረግሁት። ፋይሎቹ አንድ በአንድ ተገለበጡ። የመጨረሻው ብቻ ተንገታገተ። እንደገና ጠረግሁ፣ አለፈ። እልል አልሁ፣ ብቻዬን።

ሐሙስ

በችኮላ ነው እልል ያልሁት። ስልኩ «ይህን ፋይል መክፈት አይቻልም» አለኝ።

ፋይሉ ስልክ ወደሚከፍተው ዓይነት መቀየር አለበት ለካ። አበባው መቀየሪያ ፕሮግራም ሰጠኝ። ጫንሁት፣ ጀመርሁ። ግማሽ ሲደርስ መብራት ጠፋ። የላፕቶፑ ባትሪ ካረጀ ቆይቷልና አብሮ ጠፋ። መብራት መጣ። ከመጀመሪያው ጀመርሁ።

ሲያልቅ ስልኬ ላይ ከፈትሁት። ምስሉ ጥርት ብሎ መጣ! አያቴ ከበሮውን ይዘው መሐል ቆመዋል፣ አፋቸው ይንቀሳቀሳል፣ ሴቶቹ ያጨበጭባሉ። ድምፅ ግን የለም። ጭራሽ የለም።

እማዬ ስልኩን ወደ ጆሮዋም ወደ ዓይኗም አቀረበችው። «እናቴ በሕይወቷ እንዲህ ዝም ብላ አታውቅም» አለች። ልስቅ ፈለግሁ፣ ዓይኗን አየሁና ተውሁት።

የወረታዎቹ ደወሉ። «ሐሙስ አላልሽም?» ደግመው ሲደውሉ አላነሣሁም።

ዓርብ

ገባኝ! ዲስኩ ላይ ያለው ድምፅ ስልኬ የማያውቀው ዓይነት ነው። እኔ ደግሞ ምስሉን ብቻ ቀይሬ ድምፁን እንዳለ ትቼዋለሁ። ድምፁም ለብቻው መመረጥ ነበረበት። አሁን ተምሬያለሁና መጀመሪያ ትንሽ ቁራጭ ሞከርሁ። ከበሮው ድም ሲል ወንበሬ ላይ ዘለልሁ። ከዚያ ሁሉንም ቀየርሁት። መጠኑንም ቀነስሁ፣ ለመላክ እንዲቀል።

ጀማል ከጁምዓ ሲመለስ ሁላችንም ተሰብስበን ሰማን።

«እንደ ጣና ደንገል ቀጥኖ ሲመጣልሽ፣
አብልተሽ አደልቢው ነፋስ ሳይወስድብሽ!»

ጀማል ያኔ ያልነበረውን ሆዱን ይዞ «አደራቸውን ጠብቀሻል» አለኝ። ሰሚራ ከሳቅ ብዛት መሬት ተቀመጠች። ሌላውም ስንኝ እንዲሁ ነው፦ የሙሽራው መኪና ሐሙሲት ከተማ ላይ ተበላሽቶ መዘግየቱ፣ የሚዜው ጫማ መጥበቡ። ሁሉም የዚያን ቀን ወሬ ነው።

ሳቁ ሲበርድ ሰሚራ «እና እኛ ምኑን ነው የምናጠናው?» አለች። የእሷ ሙሽራ ኑረዲን ወፍራም ነው፣ ሰዓት አክባሪም ነው። አንዱም ስንኝ አይሆነውም። ይህን ሁሉ የደከምሁት ለምንድን ነው?

እማዬ ስልኩን ይዛ ጓዳ ገባች። እየደጋገመች ስትከፍተው ይሰማኛል።

ቅዳሜ

የሂና ቀን። የወረታዎቹ መጡ፣ ቤቱ ሞላ። ታላቅየዋ «እንግዲህ ለኑረዲን የሚሆን ግጥም የለንም፣ በዜማው ብቻ እናጨብጭብ» አለች።

እማዬ ከበሮውን ከእጇ ወሰደች። «ድምፅ የለኝም» ስትል የኖረች ሴት! «እናቴ የሸመደደችው ነገር የለም» አለች። «ያየችውን ነው ያለችው። እኔም ዓይን አለኝ።» ኑረዲን ዓይነ አፋር ነው፤ ቤታችን ሲመጣ ቀና ብሎ አያውቅም። መታች፦

«ኑረዲን ሲመጣ መሬት መሬት ያያል፣
ወርቁ ከፊቱ ናት፣ ምን ጠፍቶት ይፈልጋል!»

ቤቱ ቀለጠ። ልጃገረዶቹ ወዲያው ተቀበሏት። ሦስት ስንኝ ጨመረች፣ አንዱ ስለ እኔ ነው፣ አልጽፈውም። ድምጿ መጀመሪያ ተንቀጠቀጠ፣ ኋላ ግን ጎረቤቶቹን ጠርቶ አመጣ።

እሑድ

ተዳረች። እግሬ አብጧል፣ ደስ ብሎኛል።

ኑረዲን ዘፈኑን ሲሰማ ጆሮው ቀላ፣ ከዚያ ቀና ብሎ ሰሚራን አያት፣ ሳቀም። እማዬ ያንን ስታይ ከበሮውን የበለጠ መታችው። ሁሉንም በስልኬ ቀርጬዋለሁ።

አሁን እማዬ ጥግ ላይ ተቀምጣ አንዴ አያቴን፣ አንዴ ራሷን እያፈራረቀች ትሰማለች። ቅድም ጠርታኝ «እውነቱን ንገሪኝ፣ ሐያት። ማን ይበልጣል?» አለችኝ።

እንግዳ ልሸኝ ነው ብዬ ወጣሁ። ይኸው እስካሁን አልገባሁም።