መብራት ሲጠፋ የሚደውል ልጅ

ቦሌ፣ ሩዋንዳ ሰፈር
ኅዳር 15 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለምወድህ ልጄ ለአዶኒያስ፣

ነገሩን ሁሉ ያበላሸችው ጋዲሴ ናት፤ ሰርቪሱን የተከራየችው ልጅ። ይህን ደብዳቤ ፎቶ አንስታ የምትልክልህም እሷው ስለሆነች ታንብበውና ትፈር።

እኔ ደህና ነኝ። ጉልበቴ ትንሽ ተሽሎኛል። የእናንተ አገር ብርድ እንዴት ነው? ከሾላ በርበሬ ገዝቼልሃለሁ፤ የሚመጣ ሰው ሲገኝ እልክልሃለሁ።

ሌላ ጊዜ አበባ ያለበት ሥዕል ነው የምትልክልኝ። እኔ ስደውል ስብሰባ ላይ ነህ። መብራት ሲጠፋ ግን ሻማ ሳላበራ ስልኬ ይጮኻል። «እማዬ፣ ደህና ነሽ?» ከዚያ መብራቱ እስኪመጣ እናወራለን። ልቡ እየነገረው ነው እል ነበር። ለጎረቤት ሁሉ አውርቻለሁ።

በኋላ የጋዲሴን ስልክ ከዋይፋዩ አስወጣህባትና በሬን አንኳኳች።

«እትዬ የሺ፣ ልጅዎ ዘጋብኝ፤ ይንገሩልኝ።»

«ባሕር ማዶ ያለ ሰው አንቺን በምን ይዘጋሻል?»

«በስልኩ ነዋ። እዚህ ቤት የተያያዘው ሁሉ እዚያ ይታየዋል። መብራት ሲሄድ ደግሞ ሁሉም ድርግም ይልበታል።»

«ታዲያ ልቡ አይደለም የሚነግረው?»

«አፑ ነው፣ እትዬ» ብላ ሳቀች። እኔ አልሳቅሁም።

ነገሩን ስነግርህ፣ ከተያያዙት ውስጥ የቷ ናት የእሷ ብለህ የላክህልኝን የአፑን ሥዕል በስተርጅና በተማርኩት ፊደል ራሴ አነበብኩት። ቴሌቪዥን ይላል፣ ካሜራ ይላል። ከሁሉ በላይ «እማዬ» ይላል፤ አጠገቡ አረንጓዴ ነጥብ። ብዙ ጊዜ አየሁት።

ከዚያ መብራት ቢጠፋም ዋይፋዩ እንዳይቋረጥ ብለህ ባትሪ ላክህ። ያየ ሁሉ መረቀህ። አሁን መብራት ይጠፋል፣ ነጥቧ አትጠፋም፣ አንተም አትደውልም። ስልኬን ጭኔ ላይ አድርጌ እቀመጣለሁ።

ማክሰኞ ደንግጠህ ስትደውል ባትሪው ተበላሸ ያልኩህን እርሳው። የሚጠግን ሰው እልካለሁ ብለሃል፤ አትላክ። ባትሪው ደህና ነው። መብራት ሲጠፋ ገመዱን ከዋይፋዩ የምነቅለው እኔ ነኝ።

አረንጓዴዋ ነጥብ የምትነግርህ ስልኬ ደህና መሆኑን ነው፣ ልጄ። የእኔን እኔን ጠይቀኝ።

የያዝከው ይባረክልህ፤ ያየህ ሁሉ ይውደድህ። የጋዲሴንም ስልክ ክፈትላት፤ ክፉ ልጅ አይደለችም።

እስቲ መብራት እያለም ደውል። እኔ ከእንግዲህ ገመዱን አልነቅልም።

እናትህ የሺመቤት