በመዝገብዎ ላይ «የቤት ሠራተኛ» ስለተባለችው ደባሌ

ለኪራይ ቤቶች ቁጥጥር ጽሕፈት ቤት የበላይ ኃላፊ፣

ክቡር ሆይ፣ ከሁሉ አስቀድሜ ለጤናዎ፣ ለቤተሰብዎ፣ እንዲሁም ሦስት ጊዜ ደጅ ጠንቼ ባዶውን ላገኘሁት ወንበርዎ የከበረ ሰላምታዬን አቀርባለሁ። እኔ በኪራይ ተመን ሕጉ ጥላ ሥር፣ በባለ ሁለት ክፍል ቤት ሠላሳ አንድ ዓመት የኖርሁ ጡረተኛ ሰዓት ጠጋኝ ነኝ። ይህን ደብዳቤ በጋዜጣ ያወጣሁት ደፋር ሆኜ አይደለም፤ በሰው ፊት የተዋሸ ውሸት በሰው ፊት መታረም አለበት ብዬ ነው።

አንደኛ፦ ባለቤቴ ካረፈች በኋላ አንደኛውን ክፍል ለአንዲት ልብስ ሰፊ ለማጋራት ፈቃድ ጠይቄ ነበር። ሕጉ ተከራይ በጽሑፍ ከተፈቀደለት ደባል ማስገባት እንደሚችል ይናገራል። ጽሕፈት ቤትዎ ማመልከቻዬን በጥድፊያ እንዳያበላሸው ተጠንቅቆ አሥራ አራት ወር ስለመረመረልኝ ከልብ አመሰግናለሁ። ልብስ ሰፊዋ ግን ከነስፌት መኪናዋ ደጅ ላይ ቆማ ይህን ያህል መጠበቅ ስላልቻለች አስገባኋት።

ሁለተኛ፦ ተቆጣጣሪዎ አንድ ጠዋት መጥተው «ይቺ ማን ናት?» ሲሉኝ የዘረጉት ቅጽ ሦስት ሳጥን ነበረው፤ ዘመድ፣ የቤት ሠራተኛ፣ ደባል። ለዘመድ ማስረጃና ሁለት ምስክር ይጠየቃል። ለደባል የፈቃድ ወረቀት ይጠየቃል፤ ከሌለ ውሉ ይፈርሳል። ለሠራተኛ ግን የአንድ ሽማግሌ ቃል ይበቃል። ውሸትን እንዲህ ላቀለለልን ቅጽ አዘጋጆቹን እግዜር ይስጥልኝ ይበሉልኝ።

ሦስተኛውን ለመጻፍ እጄ ይከብደኛል፤ ምክንያቱም ተከሳሹ እርስዎ አይደሉም። «ሠራተኛዬ ናት» አልሁ። ራስ ሲመለጥ፣ አፍ ሲያመልጥ አይታወቅም ይባላል፤ የእኔ ግን አምልጦኝ አይደለም፤ አስቤበት ነው። የስፌት መኪናውንም «የሟች ባለቤቴ ነው» አልሁ። ይባስ ብዬ፣ እንዲታመንልኝ፣ ጠዋት ጠዋት «አባባ፣ ጉልበትዎ እንዴት አደረ?» የምትለኝን ሴት «አንቺ፣ ለጌታው ውሃ አምጪ!» ብዬ አዘዝኋት። አንዴ አየችኝና አመጣች። ተቆጣጣሪዎ የኮታቸው ቁልፍ ተንጠልጥላ ነበርና «እግረ መንገድሽን ይህችን ትከይልኝ» አሏት። ከራሷ ክር አውጥታ፣ አጎንብሳ ተከለችላቸው። እኔ ወንበሬ ላይ ተቀምጬ እመለከት ነበር። ሠራተኛ መሆን ነውር ሆኖ አይደለም፤ ነውሩ እሷን ያልሆነችውን ማድረጌ ነው። ቤቴን እንዳላጣ ብዬ ነው፤ ሌላ ምክንያት የለኝም፤ አፍሬያለሁ።

በሦስተኛው ቀን ዕቃዋን ስትጭን ክፉ ቃል አልወጣትም። «አባባ፣ ቤትዎን እንዳያጡ ብዬ ነው ዝም ያልሁት፤ ከእንግዲህ ግን እዚህ መኖር አይሆንልኝም» ብላኝ ሄደች። የእርስዎ ፈቃድ በሄደች በአሥራ ሁለተኛው ቀን፣ ማኅተሙ ደምቆ፣ ደረሰኝ። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ የሚሉ ስድ አደጎች አሉ፤ እኔ ግን አልልም።

ስለዚህ በትሕትና የምለምንዎ አንድ ነገር ብቻ ነው፤ በመዝገብዎ ላይ «የቤት ሠራተኛ» የሚለው ተሰርዞ «ደባል፣ ልብስ ሰፊ» ተብሎ ይታረምልኝ። ፈቃዱ ወደ ኋላ ተመልሶ እንደማይሠራና ይህ እርማት ውሌን እንደሚያፈርስ አንቀጹን ደጋግሜ አንብቤ አውቃለሁ። ይፍረስ። ይህኛውን ማመልከቻ እንኳ አሥራ አራት ወር እንደማያቆዩት እተማመናለሁ።

ሕግ አክባሪ ለመምሰል ሰው የካድሁ፣ የመሥሪያ ቤትዎ የረጅም ጊዜ ባለጉዳይና ትሑት አገልጋይዎ፣
ሰዓት ጠጋኙ

ማስታወሻ፦ የተቆጣጣሪዎ ኮት ላይ ከላይ ሁለተኛዋ ቁልፍ ያለ ፈቃድ በገባች ደባል እጅ የተተከለች ስለሆነች፣ ሕገ ወጥ ናት ካሉ መቀስ አላጣም። ትቆይ ካሉ ደግሞ፣ ኮታቸውን በቆለፉ ቁጥር አንድ ነገር ያስታውሷቸው፤ ያን ቀን «አመሰግናለሁ» ሳይሏት ነው የሄዱት። እኔም አላልኋትም።