መልሼ የጻፍኳት ቁጥር

አሰላሙ ዓለይኩም አባዬ፣

አላህ ቀብርህን ኑር ያድርግልህ። ከተለየኸን ይኸው አራተኛው ረመዳን ገባ። እስከ ዛሬ ያልጻፍኩልህ ረስቼህ አይደለም፤ አፍሬህ ነው። አሁን ግን እፍረቴን የሚያስረሳ ንዴት ይዞኛል፤ መናደዱንም ቢሆን የተማርኩት ካንተ ነው።

ቤቱ ደህና ነው። እማዬ ጉልበቷን ያማታል እንጂ ምላሷ እንዳለ ነው፤ ከሰፈሩ ሰው ግማሹን በየቀኑ ትቆጣለች። ጅዳ ያለው ወንድሜ ካልኩሌተር ያለው ሞባይል ላከልኝ። ብታየው ሁለት ቀን ሙሉ ስትፈትነው በዋልክ ነበር። እኔም አንተ ሃያ ሦስት ዓመት በቆምክበት ሰሌዳ ፊት ቆሜ ሒሳብ አስተምራለሁ። ተማሪዎቹ የጋሽ ሰይድ ልጅ ነው የሚሉኝ፤ የራሴን ስም የሚያውቀው ጥቂት ነው።

የጻፍኩልህ ስለዚያ ስለ ሰንጠረዥ መጽሐፍ ነው። ጀርባው ሲገነጠል በአሮጌ ቦርሳህ ቆዳ የሰፋኸው፣ ሎጋሪዝሙም ካሬ ሥሩም ያለበት፣ መጨረሻው ላይ ከአንድና ከራሳቸው በቀር በሌላ የማይካፈሉት ብቸኛ ቁጥሮች እስከ አሥር ሺህ የተደረደሩበት። በዚህ ሳምንት ትምህርት ቤቱ አገልግሎት አይሰጡም ያላቸውን መጻሕፍት ቤተ መጻሕፍቱ ወለል ላይ ቆለላቸው። ከዚያ መጨረሻቸውን ታውቀዋለህ፤ በኪሎ ለባለሱቅ ይሸጡና በርበሬና ስኳር ይጠቀለልባቸዋል። የሚያስወግድ ኮሚቴ ተቋቋመ፤ ሦስት ሰዎች ነን፣ አንዷ እኔ ነኝ። ክምሩን ሳገላብጥ የቦርሳህ ቆዳ እጄ ላይ መጣ።

ገጹን ለማግኘት አልተቸገርኩም። በምላጭ የተፋቀው ቦታ ብርሃን ያሳልፋል።

አባዬ፣ የፋቅኳት እኔ ነኝ። እንደምታውቅ አውቃለሁ፤ ግን በአፌ ነግሬህ አላውቅምና አሁን ልንገርህ። ጡረታ የወጣህ ጊዜ አሥረኛ ክፍል ነበርኩ። የንብረት ክፍሉ ሰውዬ መጽሐፉን አልረከብም አለ፤ በመንግሥት ንብረት ላይ በቀይ እስክሪብቶ ጽፈሃል፣ ካላጠፋህ ንብረት አስረክቧል የሚለውን ክሊራንስ አታገኝም አለህ። አንተ ደግሞ ስህተት ያረምኩበትን አላጠፋም ብለህ ድርቅ አልክ። መጽሐፉ 3599ን ከብቸኛ ቁጥሮች መሀል ደርድሯታል፤ አንተ ሰርዘህ ከጎኗ «ስህተት፤ 59 ሲባዛ በ61» ብለህ ፈርመሃል። የጡረታ ወረቀትህ ወራት ተጓተተ። እማዬ ለአንድ ቁጥር ብለህ ልጆችህን ልታስርብ ነው እያለች አለቀሰች። እኔም በልቤ ፈረድኩብህ። በባሕር ማዶ የታተመ ወፍራም መጽሐፍ ከሚሳሳት የመካነ ሰላም መምህር ቢሳሳት ይቀላል ብዬ አሰብኩ። አንተ መስጊድ በሄድክበት ጽሕፈትህን በምላጭ ፋቅሁና መጽሐፉን ራሴ ወስጄ አስረከብኩ።

ክሊራንሱ በሦስተኛው ቀን መጣ። አንተ ግን ደስ አላለህም። ሄደህ ገጹን አይተህ ተመለስክ፤ አልተቆጣኸኝም፤ ብትቆጣኝ ይሻለኝ ነበር። አንድ ወረቀት ሰጥተህ ግቢው ውስጥ አስቀመጥከኝና 3599ን በብቸኛ ቁጥሮቹ በተራ እንዳካፍል አዘዝከኝ። በሁለት፣ በሦስት፣ በአምስት፣ በሰባት እያልኩ በንዴት አካፈልኩ። በሁሉም ተረፈ። በሃምሳ ሦስት ሳካፍል አርባ ስምንት ተረፈና እስክሪብቶውን ወረወርኩት። በቃ ብቸኛ ናት፣ መጽሐፉ ልክ ነው ብዬህ ተነሳሁ። አንተ ወረቀቱን አጥፈህ ኮትህ ኪስ ውስጥ ከተትከው። 

ከዚያ በኋላ ያቺን ቁጥር ሸሸኋት። ደሴ ኮሌጅ ገብቼ ሒሳብ ስማር እንኳ አጠገቧ አልደረስኩም። አንተ በተቀበርክ ሰሞን፣ ለቅሶ ደራሹ ድንኳን ውስጥ ተቀምጦ ሳለ፣ ኮትህን ለምስኪን ልንሰጥ ኪሱን ፈተሽን። ወረቀቷ እንደታጠፈች አለች። ከሃምሳ ሦስት ሥር በእጅህ «አንድ ቀርቶሻል» ብለህ ጽፈሃል። ጓዳ ገብቼ በሃምሳ ዘጠኝ አካፈልኳት። ስልሳ አንድ ደረሰ፤ ምንም አልተረፈም። የዚያን ቀን ለቅሶዬን የሰማ ሁሉ ስለሞትህ ብቻ ያለቀስኩ መሰለው።

ታዲያ አሁን መጽሐፉን ለበርበሬ መጠቅለያ የምሰጥ ይመስልሃል?

ስብሰባው ላይ ርእሰ መምህሩ ፕላዝማው እያስተማረ፣ ሞባይሉ እያሰላ ለዚህ ቡትቶ ትሟገቻለሽ እንዴ አለኝ። ሌላው የኮሚቴ አባል ደግሞ ገጹ የተፋቀ ስለሆነ የተበላሸ ንብረት ነው አለ። ሳቄ መጣ። ሲጻፍበት ተበላሸ አሉ፣ ሲፋቅም ተበላሸ አሉ። የፋቅኩት እኔ ነኝ፣ የተፋቀውም እውነት ነው ብዬ ተናገርኩ። ለአንድ ቁጥር ብለሽ ነው ወይ ሲሉኝ አዎ፣ ለአንድ ቁጥር ብዬ ነው አልኳቸው። ቃለ ጉባኤው ላይ የሐሳብ ልዩነቴን አስመዘገብኩ፤ ያለ ሦስተኛው ፊርማ ደግሞ አንዲት ገጽ ከዚያ ቤት አትወጣም። ተግሣጽ እንደሚጽፉብኝ ነግረውኛል። ይጻፉ፣ እኔም መጻፍ እችላለሁ።

በማግስቱ መብራት ሄደ፤ ይህ እንኳ አልተለወጠም። ፕላዝማው ጨለመ፣ ተማሪዎቹም ሊወጡ ደብተራቸውን አጣጠፉ። መጽሐፉን ይዤ ገባሁና 3599ን ሰሌዳ ላይ ጻፍኩ። መጽሐፉ ብቸኛ ናት ይላል፤ እመኑም አላልኩም፣ አትመኑም አላልኩም፣ አካፍሉ አልኳቸው። አብዛኞቹ አሥራ ሦስት፣ አሥራ ሰባት ላይ ደከሙ። ከወግዲ መጥታ ቤት ተከራይታ የምትማር፣ ከኋላ የምትቀመጥ አንዲት ዝምተኛ ልጅ ብቻ ቀጠለች። ደወሉ ተደውሎ ሁሉም ሲወጣ እሷ አልተነሳችም። በመጨረሻ ቀና ብላ መጽሐፉ ዋሽቷል ቲቸር አለችኝ። እንዲህ ስትል አንተን አየሁህ አባዬ። እኔ የወረወርኩትን እስክሪብቶ እሷ አልወረወረችም።

ከዚያ ቀይ እስክሪብቶ አወጣሁ። የተፋቀው ቦታ ሳስቷል፤ ቀስ ብዬ፣ እንዳይቀደድ ትንፋሼን ይዤ፣ ቁጥሯን ሰርዤ ያንተን ቃል መልሼ ጻፍኩት፤ «ስህተት፤ 59 ሲባዛ በ61»። ቀለሙ ወደ ጀርባው ገጽ አልፏል። ይለፍ።

አልረሳህም። በየዓመቱ ለሚመጡት ልጆች ሁሉ ያቺን ቁጥር እሰጣቸዋለሁ፤ አሥራ ሰባተኛዋ አካፋይ፣ ሃምሳ ዘጠኝ ላይ ሳይደርስ በቃኝ የሚለኝን ገና አንድ ቀርቶሃል እለዋለሁ። ወረቀትህም ቦርሳዬ ውስጥ ናት።

ስምህንም ከጽሕፈቱ ሥር አስፍሬዋለሁ፤ ከስምህ ሥር ደግሞ የራሴን። በመንግሥት ንብረት ላይ ማን ጻፈ ብሎ የሚጠይቅ ካለ፣ አሁን ሁለት ነን።

ልጅህ