ያስተካከልኳት እናት

ውድ ጋሽ ቦልቴ፣

ለእርስዎ በእጄ ስጽፍ ይህ የመጀመሪያዬ ነው። አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ የእርስዎን የእጅ ጽሑፍ ወደ ኮምፒውተር ስገለብጥ ኖሬ፣ የራሴ ጽሑፍ ዶሮ የጫረው መምሰሉን ገና ዛሬ አየሁ። ይታገሱኝ። የምታነብልዎ ልጅዎ ሳምራ ናትና ፊደሌ ካስቸገራት እሷም ትታገሰኝ።

ማን እንደሆንኩ ዛሬ ላያስታውሱ ይችላሉ። ትዕዛዝ ነኝ፤ ሶዶ መናኸሪያው አጠገብ ከፎቶ ኮፒው ማሽን ጀርባ የምቀመጠው ፊደል ለቃሚ። አራቱንም መጽሐፎችዎን የለቀምኩት እኔ ነኝ።

መጀመሪያ የመጡት ኮምፒውተር ነክቶ ለማያውቅ ሰው የሚሆን መጽሐፍ ይዘው ነበር። ያኔ ፊዚክስ ያስተምሩ ነበር። ማውስ አያያዝን ለማስረዳት «እንደ ጫጩት ያዙት፤ አትጭመቁት፣ አትልቀቁትም» ብለው የጻፉትን ሳነብ ብቻዬን ስቄ ደንበኛ ታዝቦኛል። ሁለተኛው መጽሐፍ ስለ ጥበቃ ነበር፤ ስለ ስልክ አጭበርባሪ፣ ስለ ይለፍ ቃል፣ ስለ በር ቁልፍ። ሦስተኛው ስለ ምኞት፣ አራተኛው ስለ ትዝታ ሆነ። ሰው ግራ ገባው። የጸሎት ቤታችን ሽማግሌ ጋሽ ደገፉ ሱቄ ድረስ መጥተው፣ ይህ ሰውዬ አንዴ ኮምፒውተር አንዴ ቁልፍ አንዴ ፍቅር የሚለው አንዱን አጥብቆ መያዝ አቅቶት ነው ወይ ብለው ጠየቁኝ። ይህንን ስነግርዎ አልተቆጡም። «ሁሉም አንድ መጽሐፍ ነው። ሰው እንዳያጣው የሚፈራውን ነገር ነው የምጽፈው» አሉኝ። ያን ቀን ብዙም አልገባኝም ነበር።

ስለ ሦስተኛው አንድ ነገር ልናዘዝ። ሳምራም ትስማ፣ ትልቅ ሰው ናት። እዚያ ውስጥ ሚስቱ የሞተችበት አንድ መምህር፣ ከሰዓት ከሰዓት ሰበብ እየፈለገ ሄዶ የሚያያት ሴት አለች። ግራ አንጓዋ ላይ ጠባሳ አላት። እኔን የላሚኔሽን ማሽኑ አንጓዬ ላይ ሲያቃጥለኝ ሮጠው ውሃ ያፈሰሱልኝ እርስዎ ነዎት። ያን ገጽ ስለቅም ሦስት ጊዜ ተሳሳትኩ፤ እኔ ደግሞ አልሳሳትም። በማግስቱ መጥተው ከማሽኑ ፊት ቆመው ጠበቁኝ። እኔ ምን አልኩ? «ገጽ አርባ ላይ አራት ነጥብ ጎድሏል» አልኩዎ። «እንግዲያው አስገቢው» ብለው ወጡ። ምንም አልጎደለም ነበር። ከዚያ በኋላ ስለ ፊደል መጠንና ስለ ሽፋን ቀለም ብዙ አወራን፤ ይህንን ግን ዳግም አላነሳነውም።

ዛሬ ብዕር ያስያዘኝ ግን አራተኛው ነው። ያንን ይዘው ሲመጡ መርሳት ጀምረው ነበር። የሱቄን በር አልፈው የቦዲቲ ሚኒባስ ወረፋ ድረስ ሄደው ሲመለሱ አይቼዎት እንዳላየሁ ሆንኩ። የሰጡኝ ሰማያዊ ሽፋን ያላቸው ሁለት ደብተሮች ነበሩ፤ ስለ እናትዎ። «ሳልረሳት ወረቀት ላይ ትቀመጥልኝ» አሉ። ትረካው በአማርኛ ነው፤ እናትዎ አፋቸውን ሲከፍቱ ግን በወላይትኛ ነው የሚናገሩት፤ ልክ ቤት ውስጥ ይናገሩ እንደነበረው።

የእኔን ሥራ ያውቁታል። ከሻንቶም ከአረካም ሰው ማመልከቻውን ይዞ ሲመጣ ግማሹ ወላይትኛ፣ ግማሹ አማርኛ ነው፤ እኔ ቢሮ የሚቀበለው አማርኛ አድርጌ አወጣለታለሁ። ትዕዛዝ ጋ የገባ ወረቀት ተስተካክሎ ነው የሚወጣው ይባላል። በዚህ ስኮራ ኖሬያለሁ። እናም እናትዎንም አስተካከልኳቸው። መጀመሪያ እንዳሉ ለቀምኳቸው፤ በሁለተኛው ዙር «ኡታ» ያሉትን እንሰት፣ «ቦይና» ያሉትን ጎደሬ አደረግኩ። ቁጣቸውን፣ ምርቃታቸውን፣ ቀልዳቸውን ሁሉ ወደ ጥሩ አማርኛ መልሼ በዚያው ፋይል ላይ ሴቭ አደረግኩት። ማንም አላዘዘኝም። እኔው ራሴ ቤቴ ገብቼ በወላይትኛ የማወራ ሰው፣ መጽሐፍ ላይ ሳየው እንደ ስህተት ታየኝ። እርማቱን እንዲያዩት ሳቀርብልዎ «አንቺ ካየሽው ይበቃኛል» አሉኝ። ይህ ቃልዎ እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል።

ደብተሮቹስ? ሁለተኛው መጽሐፍዎ ውስጥ፣ ሥራው ያለቀ ወረቀት ተዝረክርኮ ከሚቀር ይቃጠል የሚል ምዕራፍ አለ። እኔ የሱቄ ሕግ አድርጌው ነበር። ከጓሮ ባለው በርሜል ውስጥ ከሌላው ረቂቅ ጋር ጨመርኳቸው። ሰማያዊው ሽፋን ቶሎ አልነድ ብሎ በእንጨት ገፋሁት። እንዲህ አድርጌ የእርስዎን ምክር በእርስዎው ላይ ፈጸምኩ።

ባለፈው ወር ሳምራ፣ አሁን አብረዋት ከሚኖሩበት ከአረካ፣ ሱቄ መጣች። ሐኪሙ የድሮ ነገር ይነበብላቸው ስላላት፣ ጠዋት ጠዋት የእናትዎን መጽሐፍ ታነብልዎታለች። እርስዎም እንግዳ ቤት እንደሄደ ሰው በትሕትና ያዳምጣሉ አለችኝ። ምዕራፉ ሲያልቅ ሁልጊዜ አንድ ነገር ይሏታል።

«ጥሩ መጽሐፍ ነው። የማን እናት ናት?»

ይህንን ነግራኝ፣ በራሳቸው እጅ የጻፉትን ቢያዩ ምናልባት ይሻላቸው እንደሆን ብላ ደብተሮቹን ጠየቀችኝ። እኔም ዓይኗን እያየሁ እፈልገዋለሁ አልኳት። ሁለት ጊዜ ደወለች፤ ሁለቴም እየፈለግኩ ነው አልኩ። ሳምራ፣ ደብተሮቹ የሉም። አቃጥያቸዋለሁ። ይህንን ፊት ለፊት ልነግርሽ ይገባኝ ነበር፤ ፈራሁ።

ከዚያ ቀን ወዲህ ሱቄን የምከፍተው አርፍጄ ነው። ጠዋቱን የታተመውን መጽሐፍ ዘርግቼ የራሴን አማርኛ በእስክሪብቶ እየሰረዝኩ፣ ከበላዩ እናትዎ ያሉትን እጽፋለሁ። አእምሮዬ ሲያቅተው ባዶ ጠረጴዛ ላይ እንደምለቅም ሆኜ ጣቶቼን እያንቀሳቀስኩ እሞክራለሁ፤ አንዳንዱን እጄ ይዞት ቆይቷል። ጎረቤቴ መብራት፣ «እንዲህ ብለው ይሆናል» እያለች ልታሟላልኝ ፈለገች፤ እምቢ አልኳት። በእናትዎ አፍ ውስጥ ከእንግዲህ የማንንም ቃል አልከትም። የቀየርኩት ንግግራቸው ከሁለት መቶ ቦታ በላይ ነበር፤ እስካሁን ያገኘሁት ሠላሳ አንድ ነው። የቀረውን ሰርዤ ባዶውን ተውኩት። ባዶውን ሳየው አፍራለሁ፤ ቢሆንም ከእኔ አማርኛ ባዶው ይሻላል።

መጽሐፉን ከዚህ ደብዳቤ ጋር ልኬዋለሁ። ሳምራ፣ ገጽ አሥራ ሁለትን ክፈቺ። አባትሽ በልጅነታቸው ወንዝ ማዶ ቀርተው ሲያለቅሱ እናታቸው የጠሯቸው ቦታ ነው። እኔ እዚያ «ልጄ ሆይ፣ ወደ እኔ ቅረብ» ብዬ ነበር ያስገባሁት። ልጇ ወንዝ ማዶ እያለቀሰ የትኛዋ እናት ናት እንዲህ የምትለው? «ታ ናዓው፣ ሃ ያ» ነው ያሉት። ካገኘኋቸው ሁሉ ይህኛውን በእርግጠኝነት አውቀዋለሁ። መጽሐፉን አስቀምጪና ከክፍሉ ማዶ ቆመሽ፣ ድምፅሽን ከፍ አድርገሽ በእሱ ጥሪያቸው። ከዚያም የማን እናት ናት ብለሽ አንቺ ጠይቂያቸው።

ጋሽ ቦልቴ፣ መልሱ ቢመጣልዎም ባይመጣልዎም ቅዳሜ አረካ እመጣለሁ። ካላወቁኝ ስሜን ነግሬዎት አንጓዬን አሳይዎታለሁ፤ አጠገብዎ ቁጭ ብዬም ያኔ ልልዎት የሚገባኝን እልዎታለሁ። በዚህኛው ጊዜ ስለ አራት ነጥብ አላወራም።

ይቅርታዎን የምትለምነው ፊደል ለቃሚዎ፣
ትዕዛዝ
ወላይታ ሶዶ