አንድም ቃል ያልጠፋቸው የተዋናይት ፔሪና ቡላት የሕይወት ታሪክ

ከዚህ በታች የሚነበበው ሁሉ፣ ከመጀመሪያው ፊደል እስከ መጨረሻው አራት ነጥብ፣ ንጹሕ እውነት ነው። ጸሐፊው፣ የሟች የወንድም ልጅ ዬርኮ ቡላት፣ አንዲት ነገር አጋንኖ ቢገኝ የመርከበኞች ጠባቂ ቅዱስ ኒኮላስ ይፍረድበት፤ እስከ ዕለተ ሞቱም የተጠበሰ ሰርዲን አይቅመስ።

ተዋናይት ፔሪና ቡላት ከአባታቸው ከዓሣ አጥማጁ ከአቶ ሉካ ቡላትና ከእናታቸው ከወይዘሮ ቪጻ፣ በአድሪያቲክ ባሕር ላይ ባለችው በቪስ ደሴት፣ በዓሣ አጥማጆቹ መንደር በኮሚዣ እ.ኤ.አ. መጋቢት 3 ቀን 1938 ተወለዱ። በዚያን ዕለት አባታቸው የጣሉት መረብ ከዓሣው ብዛት የተነሣ ጀልባዋን ወደ ኋላ ጎትቷታል ይባላል። አይባልም፤ ጎትቷታል። አዋላጇም የሕፃኗን ለቅሶ ሰምተው፣ «ይቺስ የምትጣራው ባሕር ማዶ ያለውን ጣሊያን ነው» አሉ።

ጦርነቱ ደሴቲቱ ሲደርስ በስድስት ዓመታቸው ከእናታቸው ጋር ተሰደው፣ በግብፅ በረሃ በድንኳን ውስጥ ፊደል ቆጠሩ። የመጀመሪያ መድረካቸውም እዚያው የተገለበጠ የሳሙና ሣጥን ነበር። ግጥም ሲያነቡ ስደተኛው ቀርቶ መንገደኛ ግመሎች ቆመው አዳምጠዋል። ሰላም ሲሆን ወደ ኮሚዣ ተመልሰው፣ ሰርዲን በቆርቆሮ እያሸጉ ትምህርታቸውን ጨረሱ።

በ1957 ዛግሬብ በሚገኘው የቴአትር አካዳሚ ለመግባት ተፈተኑ። ከአምስቱ ፈታኞች ስድስቱ አለቀሱ፤ ስድስተኛው በረኛው ነበር። አባታቸው ግን ነገሩ አልጣማቸውም።

«ሰው ፊት ቆሞ መዋሸትን ለመማር አራት ዓመት? እኔ በነፃ አስተምርሽ አልነበር?» ብለው አሾፉ።

«ያንተን ውሸትማ ዓሣውም ለምዶታል፣ አባዬ» ሲሉ መለሱላቸው።

ተመርቀው በ1961 ስፕሊት ከተማ በሚገኝ ቴአትር ቤት ተቀጠሩ። በሰባ ሦስት ተውኔትና በአሥራ ዘጠኝ ፊልም ተጫውተዋል። በአሥራ አንዱ ፊልም ሞተዋል፤ አንዱን አሟሟት ግን በሌላው አልደገሙትም። ነርስ ሆነው የሠሩበት የጦርነት ፊልም ኮሚዣ በደረሰ ዕለት ቄሱ የማታውን ቅዳሴ ወደ ጠዋት አዛውረዋል። በአደባባይ መድረክ ሲናገሩም፣ የጀልባ ገመድ የሚበጥሰው የቡራ ነፋስ ዓረፍተ ነገሩን እስኪጨርሱ ጠብቋል። ይህን ጸሐፊው በዐይኑ አይቷል።

በ1964 የመድረክ መብራት ባለሙያውን አቶ ባርቱልን አግብተው ልጃቸውን ፍራንካን ወለዱ። አቶ ባርቱል መብራቱን ሚስታቸው ላይ ብቻ ስለሚያበሩ የቀሩት ተዋንያን በዳበሳ ይጫወቱ ነበር። እኚህ ደግ ሰው በ1988 ጸደይ ዐረፉ።

በዚያው መከር የቴአትር ቤቱ ሥራ አስኪያጅ አቶ ራትኮ የሃምሳ ዓመቷን ተዋናይት ቢሯቸው አስጠሩ።

«ፔሪና፣ ይብቃሽ። ባርቱል ከሞተ ወዲህ ቃል እየጠፋሽ ነው። ልምምድ ላይ ፊሎሜና ሹክ ካላለችሽ አንድ ገጽ አትዘልቂም። ጡረታሽን ያዢና ዕረፊ» አሏቸው።

ወይዘሮ ፊሎሜና ማለት በመድረኩ ጫፍ ባለችው ጉድጓድ ተቀምጠው፣ ተዋናይ ቃል ሲጠፋው ሹክ የሚሉት ቃል አስታዋሽ ናቸው።

«ቤቴ ገብቼ ከባዶ ወንበር ጋር ላውራ?» አሉ ፔሪና። «ስማኝ ራትኮ። አዲሱ ተውኔት ሲከፈት ፊት ወንበር ላይ ተቀመጥ። አንዲት ሹክሹክታ ከሰማህ ወረቀቱን እዚያው እፈርምልሃለሁ። ካልሰማህ ግን እግሬ እስኪከዳኝ ከመድረክ አታወርደኝም።»

«ተስማማን። ጆሮዬን ጉድጓዷ ላይ ነው የምደግነው፣ አስቢበት።»

«ታጥበኸው ና» ብለዋቸው ወጡ።

ሚናው ሦስት ልጆቿን ባሕር የበላባት ባልቴት ነበረች፤ ሁለት ሰዓት ተኩል ከመድረክ አትወርድም። የተወራረዱበት ነገር በከተማው ስለተሰማ የዓሣ ገበያ ሴቶች ሳይቀሩ ለትኬት ተጋፉ። አቶ ራትኮ አንገታቸውን እንደ ሽመላ አስግገው አዳመጡ። የተሰማው የፔሪና ድምፅ ብቻ ነው። የሰጠሙትን ልጆች ስም ሲጠሩማ ወደ መድረኩ ጫፍ ቀርበው፣ ዐይናቸውን ወደ ታች ጥለው ተናገሩ፤ አዳራሹ ውስጥ ያልተላቀሰ አልነበረም። ሕዝቡ አርባ አንድ ጊዜ በጭብጨባ መልሶ ጠራቸው። አቶ ራትኮ የጡረታውን ወረቀት ቀደው በሉት፤ ቢያንስ ግማሹን። እንዲህ ያለ የማስታወስ ችሎታ ከአድሪያቲክ እስከ ቻይና ባሕር አልታየም።

ከዚያም ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ አንድም ቃል ሳይጠፋቸው ተጫውተው፣ በ2010 በገዛ ፈቃዳቸው፣ በገዛ እግራቸው ከመድረክ ወረዱ። ወይዘሮ ፊሎሜናም በዚያው ሳምንት ጡረታ ወጡ።

ተዋናይት ፔሪና ባደረባቸው የልብ ሕመም ሁለት ዓመት በሕክምና ሲረዱ ቆይተው፣ ኅዳር 14 ቀን 2021 በሰማንያ ሦስት ዓመታቸው ከዚህ ዓለም በሞት ተለዩ። የአንዲት ልጅ እናትና የሁለት ልጆች አያት ነበሩ። ፈጣሪ ነፍሳቸውን ማዕበል በማይደርስበት ወደብ ያሳርፍልን፤ ለልጃቸውና ለወዳጆቻቸው ሁሉ ብርታት ይስጥልን።

ይህ ጽሑፍ ወደ ማተሚያ ቤት ሳይሄድ ትናንት ከሰዓት በኋላ በሟች ቤት ለተሰበሰበው ሐዘንተኛ ተነበበ። ሁሉም ራሱን እየነቀነቀ አጸደቀው። ራሳቸውን ያልነቀነቁት ምድጃው አጠገብ የተቀመጡት ወይዘሮ ፊሎሜና ብቻ ነበሩ። ዬርኮም፣ «እትዬ ፊሎሜና፣ እርስዎ እዚያው ነበሩ፤ ይመስክሩልኝ እንጂ» አላቸው። የሰጡት መልስ ሳይቀነስ ይታተም ብላ የሟች ልጅ ፍራንካ ስላዘዘች እንዲህ ቀርቧል፦

«ቆንጆ አድርገህ ጽፈሃል፣ ልጄ። ግን ራትኮ ፊት ወንበር ላይ የተቀመጠ ቀን ፔሪና አንድም ቃል አታስታውስም ነበር። ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው የሰጠኋት እኔ ነኝ። ድምፅ አላወጣሁም። ከንፈሬን ብቻ ነው የማንቀሳቅስላት፣ እሷ እያየችኝ ትናገራለች። ራትኮ ምስኪኑ ፊቴን ከየት ያየዋል፤ ጉድጓዷ የምትከፈተው ወደ መድረኩ ነው። ያን ቀን ብቻም አይደለም። ሃያ ሁለቱንም ዓመት እንደዚሁ ነበርን። አንድ ጊዜ የፊት ጥርሴ ወልቆ አፌ ተበላሸ። ያን ጊዜ ልምምዱን ጥላ፣ እጄን ይዛ፣ በዚያ ሁሉ የቴአትር ቤቱ ደረጃ እያሯሯጠች ጥርስ ሐኪም ዘንድ የወሰደችኝ እሷው ናት።»