ውሳኔ ስጧት

ሰኞ

ለፖሊስ መምሪያው ሰዎች አምስት የሥራ ቀን ቀራቸው። ሁለት ዓመት ሙሉ ቀን ስቆጥር የኖርኩት እኔ ነበርኩ። አሁን ይቁጠሩ!

ፍርድ ቤቱ ወደ ፖሊስነቷ መልሷት አላለም። ዳኛዋ ያሉት፣ "ቅሬታዋን ተቀብሎ ዝም ማለት አይቻልም፤ በአስር የሥራ ቀን ውስጥ ውሳኔ ስጧት" ነው። እኔም ከዚህ በላይ አልጠየቅኩም። "ያለ ፈቃድ ከሥራ ቀርታለች" ተብዬ ስሰናበት ዱቦ ሆስፒታል ወልጄ፣ ደም አልቆም ብሎኝ ተኝቼ ነበር። የሐኪም ማስረጃዬንም ቅሬታዬንም አስገብቻለሁ። ከዚያ ወዲህ የሰማሁት "በሂደት ላይ ነው" የሚል ብቻ ነው።

ማክሰኞ

ጅል ነኝ። ጅል!

ጠዋት የመዝገብ ቤቷ አስቴር ደወለች። "ሳጅንዬ፣ ደብዳቤሽ መጣች፤ ቶሎ ነይ።" በሞተር በርሬ ሄድኩ። ሳላነብ መረከቢያ መዝገቡ ላይ ፈረምኩ። ውጭ ወጥቼ ሳነበው፣ "ቅሬታዎ በመታየት ላይ መሆኑን እንገልጻለን" ይላል። ተመልሼ መዝገቡን አየሁት። ከፊርማዬ ፊት የተጻፈው "ውሳኔ ደርሶኛል" ነው።

ዘጠኝ ዓመት ጣቢያ ተቀምጬ ቃሉን የሰጠውን ሁሉ "መጀመሪያ አንብብ፣ ከዚያ ፈርም" ስል የኖርኩ ሰው! አሁን ፍርድ ቤቱን "ሰጥተናታል" ሊሉት ነው። ምሳ አልበላሁም።

ረቡዕ

ከቤት ስወጣ የያዝኩት፦ የትእዛዙ ግልባጭ፣ የትናንቱ ደብዳቤ፣ እስክሪብቶ፣ ንዴት።

የመምሪያው ምክትል ኃላፊ፣ "ምላሽም ውሳኔም ያው ነው፤ ቃል አትምረጪ" አሉኝ።

"ጌታዬ፣ 'እየታየ ነው' የተባለ ሰው ተፈቀደለት ወይስ ተከለከለ?" አልኳቸው። ወረቀት ማገላበጥ ጀመሩ።

አስቴር መዝገቡን ልትሰጠኝ ፈራች። "ስርዝ ድልዝ ካለበት እኔ ነኝ የምጠየቀው፣ እቴ" አለች። እውነቷን ነው። እኔም ስርዝ አልፈልግም። ከፊርማዬ ሥር፣ "የተረከብኩት ምላሽ ነው፤ ውሳኔ አልደረሰኝም" ብዬ ጽፌ፣ ቀኑን አስገብቼ እንደገና ፈረምኩ። ፎቶ አንስቼ አሳተምኩና ለፍርድ ቤቱ ሬጅስትራር አስገባሁ። ስመለስ ሁለት ሙዝ በላሁ፤ ከትናንት ወዲህ የቀመስኩት እሱን ነው።

ሐሙስ

ምንም የለም።

ባለቤቴ ታምራት መምህር ነው፤ ጸብ አይወድም። "ካስቆጣሻቸው እምቢ ይሉሻል" አለኝ። እኔም ፈርቻለሁ፤ እዚህ ካልጻፍኩት የት እጽፈዋለሁ? ግን "እምቢ" ለማለትም ምክንያት መጻፍ አለባቸው። ያን ምክንያት እስከ ዛሬ የነገረኝ የለም።

መናኸሪያ አጠገብ የድሮ ባልደረባዬ ትራፊክ ስታስተናብር አየችኝና "መቼ ነው የምትመለሺው?" አለችኝ። "ጠይቂልኝ" ብዬ ሳቅኩ። 

አርብ

አስር ሰዓት ላይ ሰጡኝ። ማህተም አለው፣ ፊርማ አለው፣ ከላይ "ውሳኔ" ይላል።

አልተቀበሉኝም። የስንብት እርምጃው ጸንቷል ይላል። ምክንያቱ፦ የሐኪም ማስረጃው በጊዜው አልቀረበም።

በጊዜው አልቀረበም! ለካ ሁለት ዓመት ሙሉ የተያዘብኝ ይህ ነበር። የእኔ ኮፒ ላይ እኮ ያስገባሁበት ቀን ከነማህተማቸው አለ። ይበቃ ይሆን? አላውቅም። ይግባኝ ሰሚው ያየዋል፤ ይግባኝ የማለት መብቴን ራሳቸው ከታች ጽፈውታል።

ታምራት ወረቀቱን አነበበ። ከዚያ ቀስ ብሎ፣ "ተወሰነብሽ እኮ" አለኝ።

"አዎ፣ ተወሰነብኝ" አልኩት። "ግን ተወሰነ።"